ዕብራይስጥ በዓረብ ሚዛን፦ የኮርዶባው ጸብ

እስራኤል የሚኖር አንባቢ ይህን መዝሙር ሳይሰማው አይቀርም። የሰንበት ማዕድ ቀርቦ፣ ዳቦው ተባርኮ፣ ከቤተሰቡ አንዱ ጠረጴዛውን በጣቱ መታ መታ እያደረገ ይጀምረዋል። «ድሮር ዪቅራ…» ሌላው ይቀበለዋል። ዜማው እንደየቤቱ ይለያያል። የየመኖቹ አንድ አላቸው፣ የአውሮፓዎቹ ሌላ። ግጥሙ ግን አንድ ነው። ዕድሜው ከሺህ ዓመት ያልፋል።

እስቲ የመጀመሪያዎቹን አራት ስንኞች ቆራርጠን እናንብባቸው፦

ድ–ሮር–ዪቅ–ራ / ል–ቬን–ዒም–ባት
ቭ–ዪን–ጾር–ኼም / ክ–ሞ–ቫ–ቫት
ን–ዒም–ሺም–ኼም / ቭ–ሎ–ዩሽ–ባት
ሽ–ቩ–ኑ–ሑ / ብ–ዮም–ሻብ–ባት

ትርጉሙ ወደዚህ ይጠጋል፦ «ነጻነትን ያውጃል ለወንዱም ለሴቱም ልጅ፤ እንደ ዓይን ብሌንም ይጠብቃችኋል። ስማችሁ ያማረ ነው፣ አይጠፋም፤ ተቀመጡ፣ ዕረፉ በሰንበት ቀን።»

ጮክ ብላችሁ ድገሙት። አንድ አጭር፣ ሦስት ረዥም። እንደገና አንድ አጭር፣ ሦስት ረዥም። ስምንት ጊዜ ሲደጋገም አንዴም አይዛነፍም። ስንኞቹ የሚጀምሩባቸውን ፊደላት ከላይ ወደ ታች ብታነቧቸው ደግሞ ዳሌት፣ ቫቭ፣ ኑን፣ ሺን ይሆናሉ። ዱናሽ። የገጣሚው ስም ነው።

ያ ምት የዕብራይስጥ ምት አይደለም። ዓረቦች «ሀዘጅ» የሚሉት ነው። መለኪያ ቃላቸው «መፋዒሉን» ትባላለች፦ መ–ፋ–ዒ–ሉን። አንድ አጭር፣ ሦስት ረዥም። የአይሁድ የሰንበት መዝሙር በዓረብ ሚዛን ተሰፍሯል ማለት ነው። ይህ እንዴት ሆነ? ማን አመጣው? ማንስ ተቃወመ? መልሱ በሙስሊሞች ትገዛ በነበረችው ስፔን፣ ኮርዶባ ከተማ ውስጥ በ10ኛው ክፍለ ዘመን የተነሣ አንድ ጸብ ነው። (እዚህ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) የሁለቱን ቋንቋዎች ግጥም ዝምድና ለመረዳት ከዚህ ጸብ የተሻለ መግቢያ አላገኘሁም። በጸቡ ውስጥ ቋንቋ አለ፣ ሃይማኖት አለ፣ የጌታ ደጅ አለ፣ የተሰበረ ሰውም አለ።

ሦስቱ ሰዎች

ባለ ደጁ ሐስዳይ ኢብን ሻፕሩጥ ነው። የኸሊፋው የአብዱራህማን ሦስተኛ ሐኪም ነበር። የጉምሩኩን ገቢ ይቆጣጠራል፣ ከባዕድ አገር የሚመጡ መልእክተኞችን ያነጋግራል። የቢዛንታይን ንጉሥ የዲዮስቆሪዲስን የመድኃኒት መጽሐፍ በግሪክኛ ሲልክ፣ ኒቆላዎስ ከተባለው መነኩሴ ጋር ትርጉሙ ላይ ሠርቷል። የሌዮኑ ንጉሥ ሳንቾ ከውፍረት ብዛት ዙፋኑን ሲያጣም ያከመው እሱ ነው። በአንዳሉስ፣ ማለትም በዚያች የሙስሊሞች ስፔን፣ ላሉት አይሁድ ደግሞ አለቃቸው ነበር። ደጁን የሚጠና ገጣሚና ሊቅ አይጠፋም።

ሁለተኛው መናሔም ቤን ሳሩቅ ነው። የቶርቶሳ ሰው ነው። መጀመሪያ የሐስዳይን አባት አገለገለ፣ ኋላ የሐስዳይ ጸሐፊ ሆነ። ሐስዳይ የአይሁድን ሃይማኖት ተቀብለዋል ለሚባሉት ለኸዛሮቹ ንጉሥ ለዮሴፍ የላከውን ዝነኛ ደብዳቤ የጻፈው መናሔም ነው። መግቢያው ላይ ባለው ግጥም የጌታውን ስም በስንኞቹ መነሻ ፊደላት አስገባ። ቀጥሎ የራሱንም ስም አስገባበት። ትልቁ ሥራው ግን «ማሕቤሬት» የተባለው መዝገበ ቃላት ነው። የመጽሐፍ ቅዱስን ዕብራይስጥ በዚያው በዕብራይስጥ የሚፈታ የመጀመሪያው ሙሉ መዝገበ ቃላት ይኸው ነው።

ስለ መናሔም አንድ ነገር ሳልናገር ማለፍ አልችልም። የሐስዳይ እናት በሞተች ሌሊት፣ ሐስዳይ በእኩለ ሌሊት ተነሥቶ ወደ መናሔም ቤት ሄደ። ሙሾ እንዲጽፍለት ሊለምነው ነው። ሲደርስ መናሔም መብራት አብርቶ፣ ሙሾውን ጀምሮ እየጻፈ አገኘው። ማንም ሳይነግረው። ሐስዳይ ልቡ ተነካ። ይህን ውለታህን በሕይወቴ አልረሳም ብሎ ማለ። ታሪኩን ያቆየልን መናሔም ራሱ ነው። የጻፈበትን ቦታ ኋላ እናየዋለን።

ሦስተኛው ዱናሽ ቤን ላብራጥ ነው። ከሞሮኮዋ ከተማ ከፌዝ ወጣት ሆኖ ባግዳድ ሄደ። እዚያ ሰዓድያ ጋኦን ዘንድ ተማረ። ሰዓድያ በዘመኑ ከነበሩት የአይሁድ ሊቃውንት የሚበልጠው የለም፤ ኦሪትን ወደ ዓረብኛ የመለሰ ሰው ነው። ዱናሽ በዓረብ ሚዛን የሰፈረውን የዕብራይስጥ ግጥም ለመምህሩ አሳየው። ሰዓድያም «እንዲህ ያለ በእስራኤል ታይቶ አያውቅም» አለ ይባላል። አባባሉን ደጋግሜ ሳስበው ሙገሳም ማስጠንቀቂያም ሊሆን እንደሚችል ይሰማኛል። ዱናሽ ግን በሙገሳነቱ ይዞት ወደ ኮርዶባ መጣ።

ካስማና ገመድ

እዚህ ላይ ቀስ ማለት አለብን። የጸቡ ሥር ያለው እዚህ ነው።

ከዱናሽ በፊት ዕብራይስጥ ግጥም አልነበረውም እንዳንል። መዝሙረ ዳዊትን ሁላችንም እናውቀዋለን። «ሰማያት የእግዚአብሔርን ክብር ይናገራሉ፤ የሰማይም ጠፈር የእጁን ሥራ ያወራል።» ሐሳብ ሐሳብን ያስተጋባል፣ ሁለተኛው ሐረግ የመጀመሪያውን ይደግማል፣ ያሰፋል። ቀለም አይቆጠርም። ኋላ ደግሞ በፍልስጥኤም ምድር የነበሩ የምኩራብ ገጣሚዎች ቤት መምታት ጀመሩ። ያናይ በ6ኛው ክፍለ ዘመን ገደማ ቤት ይመታ ነበር። ስለዚህ ዕብራይስጥ ቤት መምታትን ከዓረብ ነው የወሰደው የሚለው ወሬ ልክ አይደለም። የወሰደው ሌላ ነገር ነው። ሚዛኑን ነው።

የዓረብን ሚዛን የተነተነው በ8ኛው ክፍለ ዘመን የባስራ ሊቅ የነበረው ኸሊል ኢብን አሕመድ ነው። ግጥምን እንደ ድንኳን አየው። አንዱ ሙሉ ስንኝ «በይት» ነው፣ ቤት። የስንኙ እኩሌታ «ሚስራዕ» ነው፣ ከሁለት የበር ሳንቃዎች አንዱ። በውስጡ ያሉት ትንንሽ ክፍሎች ደግሞ «ወተድ» እና «ሰበብ» ናቸው፣ ካስማና ገመድ። ድንኳን በካስማና በገመድ እንደሚቆም ግጥምም እንዲሁ።

ዕብራውያኑ ስሞቹን ሳይቀር አመጡ። ስንኙ «ባይት» ሆነ። የመጀመሪያው እኩሌታ «ዴሌት» ሆነ፣ በር። ሁለተኛው «ሶጌር»፣ የሚዘጋው። ካስማው «ያቴድ» ሆነ። ለእኛ ጆሮ ይህ ሁሉ ባዕድ አይደለም። እኛም ግጥም ሲሳካ «ቤት መታ» እንላለን። የቅኔ ተማሪም ስንኙን የሚቆጥረው ቤት እያለ ነው። ዓረቦቹ ሚዛኑን «ወዝን» ይሉታል፤ ሚዛን የሚለው ቃላችን ከዚሁ ሥር ነው። ዕብራውያኑ «ሚሽቃል» አሉት፤ በመጽሐፍ ቅዱሳችን ሰቅል የሚባለው የብር መለኪያ የዚህ ቃል ዘመድ ነው። ሁሉም ያው ክብደት መለካት ነው።

አሁን ችግሩ። ዓረብኛ አጭርና ረዥም አናባቢ አለው። «ከተበ» ጻፈ ነው፣ «ካተበ» ተጻጻፈ ነው። ልዩነቱ የመጀመሪያዋን ድምፅ መሳብ ብቻ ነው። ሚዛኑ የቆመው በዚህ ልዩነት ላይ ነው። በዱናሽ ዘመን ዕብራይስጥ እንደዚህ አጭርና ረዥም አይለይም ነበር። ታዲያ አጭሩን ከየት ያምጣው?

ዱናሽ መላ ፈጠረ። ዕብራይስጥ «ሽቫ» የምትባል ምልክት አለችው። ከፊደል ሥር የምትገባ ሁለት ነጥብ ናት። ለእኛ ማስረዳት ቀላል ነው፤ ሳድስ ማለት ናት። «ልብስ» የሚለውን ቃል ተመልከቱ። ሦስቱም ፊደላት ሳድስ ናቸው። ሲነበብ ግን «ል» ትንሽ ድምፅ አላት፣ «ብ» እና «ስ» ዝም ይላሉ። ፊደሉ ሦስቱንም በአንድ መልክ ይጽፋቸዋል፤ የሚለያቸው አንባቢው ነው። ሽቫም እንዲሁ ናት። አንዳንዴ ትንቀሳቀሳለች፣ አንዳንዴ ታርፋለች። ዱናሽ የምትንቀሳቀሰዋን ሽቫ፣ ከእሷም ጋር ሐታፍ የሚባሉትን በጣም አጭር አናባቢዎች፣ እንደ አጭር ቆጠረ። የቀሩትን አናባቢዎች በሙሉ ረዥም አላቸው። ሽቫዋ ከተከታይዋ አናባቢ ጋር ተጣምራ ካስማ ሆነች። «ድ–ሮር» ካስማ ነው። «ዪቅ» እና «ራ» ተከታዮቹ። በቃ፣ ድንኳኑ ቆመ።

መላው ብልህ ነው። እኔ ባነበብኩት ቁጥር እደነቃለሁ። ግን ልኩ ሙሉ በሙሉ አልገጠመም። ዕብራይስጥ ሁለት የሚንቀሳቀሱ ሽቫዎችን አከታትሎ አይሸከምም። ዓረብኛ ደግሞ ሁለት አጭር የሚከታተሉባቸው ሚዛኖች አሉት፤ «ካሚል» እና «ዋፊር» የሚባሉት እንደዚያ ናቸው። ወደ ዕብራይስጥ ሲገቡ ሁለቱ አጭሮች በአንድ ረዥም ተተኩ። ሌላም አለ። ገጣሚ ሚዛኑ ሲጠበው ማረፍ ያለባትን ሽቫ ያንቀሳቅሳታል፣ መንቀሳቀስ ያለባትን ያሳርፋታል። ስሕተቱ ቀላል ሊመስል ይችላል። የኦሪት ንባብ በነጥብ በነጥቡ ለሚጠበቅበት ሕዝብ ግን ቀላል አይደለም።

ለምን በዕብራይስጥ?

የሚገርመው ነገር እነዚህ ሰዎች ዓረብኛን አሳምረው መቻላቸው ነው። ሕክምናውን፣ ፍልስፍናውን፣ ኋላም የዕብራይስጥን ሰዋስው ራሱን የጻፉት በዓረብኛ ነው፤ ፊደሉን የዕብራይስጥ አድርገው። ግጥም ላይ ሲደርሱ ግን ዕብራይስጥ። እሱም የመጽሐፍ ቅዱስ ዕብራይስጥ፣ በተቻለ መጠን ከዚያ የማይወጣ።

ምክንያቱ ክብር ነው። ዓረቦቹ የቁርኣን አነጋገር አቻ የለውም ብለው ያምናሉ። ግጥማቸውንም የቋንቋቸው ውበት ምስክር አድርገው ያቀርቡታል። ኮርዶባ ውስጥ ግጥም መቻል የጨዋ ሰው ምልክት ነበር። ዱናሽና መሰሎቹ ይህን እየሰሙ አደጉ። መልሳቸው «የእኛም መጽሐፍ ቋንቋ ይችላል» የሚል ነበር። ለማሳየት ደግሞ በባላጋራው ሜዳ፣ በባላጋራው ሚዛን መጫወት ነበረባቸው። የመቅዳት ፍላጎትና የመፎካከር ፍላጎት አንድ ላይ ነበሩ። እኔ ይህን ባርነት ብዬ ልጠራው አልችልም። ንጹሕ ነጻነት ነው ለማለትም አልደፍርም።

ለዱናሽ የሚሰጥ አንድ የወይን ግጥም ይህን ውጥረት ቁልጭ አድርጎ ያሳያል። አንድ ሰው ገጣሚውን ይጋብዘዋል። «አል ቲሻን፣ ሽቴ ያይን ያሻን» ይለዋል። አትተኛ፣ የቆየ ወይን ጠጣ። «ቲሻን» እና «ያሻን»፣ መተኛትና መቆየት፣ በአንድ ሥር ፊደላት የሚጻፉ ቃላት ናቸው። ኅብረ ቃል ለለመደ የአማርኛ አንባቢ ጨዋታው ወዲያው ይገባዋል። ከዚያ ግብዣው ይዘረዘራል፦ ሮማን፣ ተምር፣ የወይን ሐረግ፣ የከርቤና የሱፍ አበባ ሽታ፣ የቦይ ውኃ ድምፅ፣ በገና። የዓረብ ገጣሚዎች የአትክልት ቦታ እንዳለ መጣ። ከዚያ ገጣሚው ድንገት ይቆጣል። «ዝም በል፣ ዝም!» ይላል። መቅደሳችን በባዕዳን እጅ ሆኖ፣ በጽዮን ቀበሮ እየተሯሯጠ፣ እንዴት ወይን እንጠጣለን?

ግብዣውን የሚገሥጸው ስንኝ የተሰፈረው በምን ሚዛን ነው? በዚያው በዓረቡ። ግጥሙ ወይኑን አልቀበልም ይላል፣ ዋንጫውን ግን አላስቀመጠም።

ጸቡ

ዱናሽ ኮርዶባ እንደደረሰ የመናሔምን መዝገበ ቃላት የሚነቅፍ መጽሐፍ ጻፈ። በ960 አካባቢ መሆኑ ነው። ለሐስዳይ አበረከተው። መግቢያው ጌታውን የሚያወድስ ግጥም ነው፣ በአዲሱ ሚዛን። ነቀፋውም አለፍ አለፍ እያለ በግጥም ይመጣል። ቃሉ ሻካራ ነው። መናሔምን ዕውቀት የጎደለው አድርጎ ያቀርበዋል።

ጥያቄው ግን እውነተኛ ጥያቄ ነበር። መናሔም ዕብራይስጥን ከዓረብኛ ጋር ማወዳደር አልፈለገም። የቅዱስ መጽሐፍ ቃል የሚፈታው በዚያው መጽሐፍ ነው ብሎ ያምናል። ዱናሽ ደግሞ እህት ቋንቋ እያለ ለምን በጨለማ እንዳክራለን ባይ ነው። ከሁለቱ ቋንቋዎች የሚመሳሰሉ ቃላትን ዘርዝሮ አቀረበ።

የሥር ቃላቱም ነገር አለ። መናሔም ለዓይን የሚታየውንና የማይለዋወጠውን ፊደል ብቻ ሥር ብሎ ይወስዳል። ስለዚህ ባለ ሁለት ፊደል፣ እንዲያውም ባለ አንድ ፊደል ሥር አለ ይላል። በእኛው ምሳሌ ላስረዳ። «ቆመ» ስንት ፊደል አለው? ላይ ላዩን ሁለት። «ቀዋሚ» ስንል ግን «ወ» ብቅ ትላለች። ተደብቃ ነበር። የዕብራይስጡ «ቃም» እና የዓረብኛው «ቃመ» የዚሁ ቃል ወንድሞች ናቸው። ዓረብኛ ሰዋስው የተማረ ሰው የተደበቀችውን ፊደል መፈለግ ያውቅበታል። መናሔም በሩን ስለዘጋ አላያትም።

በዚህ ነጥብ ላይ ዱናሽ ልክ ነበር። የጥናቱ መንገድ በእሱ በኩል ነበር። መናሔም ግን ሰነፍ አልነበረም። ያንን ሁሉ ቃል አንድ በአንድ የለቀመ ሰው ነው። ዱናሽ ሊነቅፈው የቻለው ሥራው ስለነበረ ነው።

ከዚህ በኋላ የሆነው ያሳዝናል። መናሔም ከጌታው ፊት ወደቀ። የዱናሽ ነቀፋ ብቻ አልነበረም፤ ሌሎችም ከሳሾች ነበሩበት። ሐስዳይ አስደበደበው። በሰንበት ቀን። ጸጉሩ ተነጨ፣ ቤቱ ፈረሰ፣ ታሰረ። ከእስር ቤት ለሐስዳይ ደብዳቤ ጻፈ። ያ የእኩለ ሌሊቱ ሙሾ ታሪክ የሚገኘው እዚህ ደብዳቤ ውስጥ ነው። መሐላህን አስታውስ እያለ ነው የሚጽፈው። ሐስዳይ ለአቤቱታው የሰጠው መልስም እዚያው ተጠቅሷል፦ አጥፍተህ ከሆነ ተቀጣህ፤ ካላጠፋህ ደግሞ በቅጣቱ ለዘላለም ሕይወት አበቃሁህ። ይህን መልስ ሳነብ ስለ አንዳሉስ «ወርቃማ ዘመን» የሚጻፈው ሁሉ ይቀዘቅዝብኛል። ግጥሙ ወርቅ ነበር። ደጁ ግን የጌታ ደጅ ነው፣ የጌታ ደጅ ደግሞ ያው ነው።

ደብዳቤው ራሱ ከመካከለኛው ዘመን ዕብራይስጥ ዝርው ጽሑፎች ከምርጦቹ ይቆጠራል። ዓረብኛ የለበትም። የነቢያትና የኢዮብ ቋንቋ ነው። መናሔም ዕብራይስጥ ብቻውን ምን እንደሚችል ለማሳየት ሌላ ማስረጃ አላስፈለገውም ነበር።

ደቀ መዛሙርቱ

መናሔም ሦስት ተማሪዎች ነበሩት። ለመምህራቸው ተነሡ። ለዱናሽ መልስ ጻፉ።

ክርክራቸው ጠንካራ ነው። የዓረብ ሚዛን ለዕብራይስጥ አይሆንም አሉ። ሚዛኑን ለመሙላት ሲባል ሽቫ ከሽቫ፣ አናባቢ ከአናባቢ ይቀላቀላል፤ ይህም የቅዱሱን ቋንቋ ሕግ ያፈርሳል። ማስረጃውን ያወጡት ከዱናሽ ከራሱ ግጥሞች ነው። እዚህ ስንኝ ላይ እንዲህ አልክ፣ መሆን የነበረበት ግን እንዲህ ነው እያሉ። እኔ በዚህ በኩል ልክ ነበሩ እላለሁ። ቋንቋን ከልክ ልብስ ሲያስገቡት የሆነ ቦታ ይቀደዳል። የተቀደደበትን ቦታ በጣታቸው አሳዩ።

ግን መልሳቸውን የከፈቱት በምን ነበር? በግጥም። በዱናሽ ሚዛን፣ የዱናሽን ቤት ተከትለው። አቅቷቸው እንዳይመስለው፣ እኛም እንችላለን ለማለት። ከዚያ የዱናሽ ተማሪ የሁዲ ቤን ሼሼት ደግሞ ለመምህሩ ቆሞ መለሰላቸው፣ እሱም በግጥም።

ለእኔ የጉዳዩ ፍርድ የተሰጠው እዚህ ላይ ነው። ሚዛኑን የሚቃወመው ጽሑፍ በሚዛኑ ከተጻፈ ክርክሩ አልቋል። ማንም በማስረጃ አልተረታም። ጆሮ ነው የተረታው። የኮርዶባ አንባቢ ጆሮ ከዚያ በኋላ ያልተሰፈረ ግጥም ሲሰማ ግጥም አልመሰለው ማለት ጀመረ።

የሰዋስው ነገር ደግሞ በሌላ አቅጣጫ ሄደ። ከሦስቱ ተማሪዎች አንዱ የሁዳ ቤን ዳዊድ ይባላል። ብዙ ሊቃውንት ይህ ሰው የኋላው ታላቅ ሰዋስው አዋቂ የሁዳ ሐይዩጅ ነው ይላሉ። ሐይዩጅ የዕብራይስጥ ግሥ ሥሩ ሦስት ፊደል መሆኑን አረጋገጠ። ያቺን የተደበቀች «ወ» ያገኛት እሱ ነው። መንገዱ የዓረብኛ ሰዋስው፣ መጽሐፉም በዓረብኛ። የመናሔም ወገን የዘጋውን በር የመናሔም ተማሪ ከፈተው።

ሌላው ይስሐቅ ኢብን ጂቃቲላ ነው። እሱ ያስተማረው ዮና ኢብን ጀናሕ ከሐይዩጅ ቀጥሎ የሰዋስውን ትልቅ መጽሐፍ በዓረብኛ ጻፈ።

ከዚያ ወዲህ

የቀጣዩን መቶ ተኩል ዓመት በፍጥነት ልለፈው። ሳሙኤል ሐናጊድ የግራናዳ ቪዚር፣ የንጉሡ ዋና ሹም፣ ሆኖ ከጦር ሜዳ በዓረብ ሚዛን የዕብራይስጥ ግጥም ይጽፍ ነበር። ሰሎሞን ኢብን ገቢሮል በ19 ዓመቱ የዕብራይስጥን ሰዋስው በ400 ስንኞች ገጠመ፣ በአንድ ቤት፣ በሚዛን። ሰዋስው ያፈርሳል የተባለው ሚዛን ሰዋስው ማስተማሪያ ሆነ። ሙሴ ኢብን ዕዝራ ስለ ዕብራይስጥ ግጥም ጥበብ መጽሐፍ ጻፈ፣ ቋንቋው ዓረብኛ ነው።

ቁስሉ ግን ሙሉ በሙሉ አልዳነም። ከሁሉ የሚበልጠው ገጣሚ ይሁዳ ሃሌዊ በ12ኛው ክፍለ ዘመን «ኩዛሪ» የተባለ መጽሐፍ ጻፈ። መነሻው የኸዛሮቹ ንጉሥ ታሪክ ነው፤ መናሔም በሐስዳይ ስም ደብዳቤ የጻፈለት መንግሥት። በመጽሐፉ ውስጥ የዓረብ ሚዛን የዕብራይስጥን ንባብ እንዳበላሸ በግልጽ ይናገራል። የመናሔም ተማሪዎች ቃል ነው ተመልሶ የመጣው። ተናጋሪው ግን በዚያ ሚዛን ከእሱ የተሻለ የጻፈ የሌለ ሰው ነው። መጽሐፉም በዓረብኛ ተጻፈ።

ሰሜን ፈረንሳይ ደግሞ ሌላ ነገር ሆነ። የዚያ አገር አይሁድ ዓረብኛ አያነቡም። የሐይዩጅ ግኝት አልደረሳቸውም። መናሔምና ዱናሽ ግን በዕብራይስጥ ስለጻፉ ደረሷቸው። ታላቁ የኦሪት ማብራሪያ ጸሐፊ ራሺ ሁለቱንም ይጠቅሳል። የልጅ ልጁ ረቤኑ ታም ደግሞ ክርክሩን እንደ ዳኛ ተመልክቶ ለመናሔም የሚቆም መጽሐፍ ጻፈ። መናሔም ከሞተ ከመቶ ዓመት በላይ በኋላ፣ ከኮርዶባ ርቆ፣ ጠበቃ አገኘ።

የሚዳቋዋ ግጥም

አንድ ነገር ቀረኝ። ብዙ ሰው ይህን ጉዳይ ሲተርክ ሦስቱን ወንዶች ይዞ ይጨርሳል። አራተኛ ሰው አለች።

ካይሮ ውስጥ አንድ አሮጌ ምኩራብ ያረጁ ጽሑፎችን የሚያኖርበት ክፍል ነበረው፣ ጌኒዛ ይባላል። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ብዙው ወደ ካምብሪጅ ተወሰደ። ከዚያ ብጥስጣሽ ውስጥ አንድ አጭር ግጥም ተገኘ። በ1980ዎቹ ዕዝራ ፍላይሸር የተባለው ተመራማሪ የግጥሙን ባለቤት ለየ። የዱናሽ ሚስት ናት። ስሟ በጽሑፉ ላይ የለም። በአንዳሉስ ዕብራይስጥ ግጥም ውስጥ የምናውቃት ሴት ገጣሚ እሷ ብቻ ናት።

ግጥሙ ስለ መለያየት ነው። ዱናሽ ከአንዳሉስ ሊወጣ ነው። እሷ አንድ ልጇን ታቅፋለች። የመጀመሪያው እኩሌታ እንዲህ ነው፦

ሃ–ዪዝ–ኮር–ያ / ዐ–ላት–ሃ–ሔን / ይ–ዲ–ዳህ

ቁጠሩት። አጭር፣ ሦስት ረዥም። አጭር፣ ሦስት ረዥም። አጭር፣ ሁለት ረዥም። የዓረቡ ዋፊር ነው፣ ሁለቱ አጭሮች በአንድ ረዥም ተተክተው፣ ልክ ባሏ እንዳስለመደው። የትም አይንገዳገድም። ባሏ ላይ የተለቀመው ዓይነት ስሕተት እዚህ መስመር ላይ የለም።

«የተዋበችውን ሚዳቋ ውዷ ያስታውሳት ይሆን?» ነው የምትለው። ሚዳቋዋ ከመጽሐፈ ምሳሌ የመጣች ናት፤ «የተወደደች ዋላ፣ የተዋበች ሚዳቋ» ከሚለው፣ ሰው የልጅነት ሚስቱን እንዳይረሳ ከሚመክረው ቦታ። ቃሉን ማን እንደሚያነበው ታውቃለች። በቀኙ የነበረውን የማኅተም ቀለበት በግራ እጇ አደረገላት። እሷ አምባሯን በክንዱ አደረገች። መታሰቢያ እንዲሆናት መደረቢያውን ወሰደች፣ እሱም የእሷን ወሰደ። ከዚያ መጨረሻው ላይ ትጠይቃለች፦ ጌታው የመንግሥቱን እኩሌታ ቢሰጠው፣ በስፔን ምድር ይቀር ነበር?

«የመንግሥቴን እኩሌታ» የአርጤክስስ ቃል ነው፣ ለአስቴር የተናገረው። እዚህ ግን ንጉሡ አልተናገረውም። የምትጠይቀው ሚስቱ ናት፣ ልጁን ታቅፋ፣ የባሏን መደረቢያ ይዛ።